ያልተነበበላት መስመር

የፍርድ ቤቱ ደረጃ ዘጠኝ ነው። ሔለን ታች ቆማ ሦስት ጊዜ ቆጠረችው። ሳታነክስ መውጣት ስንት ላብ እንደሚያስወጣት ታውቃለች፤ ግን ነቢዩ ከጎኗ ነበርና ቀጥ ብላ ወጣችው።

በ2014 ዓ.ም. ኅዳር ላይ፣ ከጅግጅጋ ወደምታስተምርበት ቀብሪበያ ስትሄድ የተሳፈረችበት ሚኒባስ ጎማው ፈንድቶ ተገለበጠ። የቀኝ ጭኗ አጥንት ሁለት ቦታ ተሰበረ። የሥር ፍርድ ቤት ጉዳቷን አሥራ አምስት በመቶ ብሎ የወሰነላት ካሳ፣ አዲስ አበባ ለሚቀራት ቀዶ ሕክምና ግማሹን እንኳ አይሸፍንም። ሐኪሙም አላባበላትም፤ «ከዘገየ እግርሽ እንዳጠረ ይቀራል» አላት። ስለዚህ ይግባኝ አለች።

ክሷንም ይግባኟንም የጻፈላት ነቢዩ ነው። ከፍርድ ቤቱ አጥር ሥር፣ ናስትሆ የግመል ወተት ከምትሸጥበት ጥላ አጠገብ ተቀምጦ ማመልከቻ ይጽፋል። ሔለን ጉዳይ ኖሯት ከመጣችባቸው ቀናት ይልቅ ጉዳይ ፈልጋ የመጣችባቸው ይበልጣሉ። ናስትሆ እንኳ «ወላሂ፣ ይሄ ክስ ያለቀ ቀን እናንተ ምን ልትሆኑ ነው?» እያለች ትስቅባቸው ነበር።

ወደ እሱ ስትመጣ ታዲያ ከዘራዋን ቤት ትታ ነው። ከአደጋው በፊት ላግባሽ ያላት ሰው ሆስፒታል ሁለት ጊዜ ጠይቋት በሦስተኛው ቀርቷል። ነቢዩም እንዲሁ ይቀር ይሆናል ብላ ትፈራለች። ከእሱ ተለይታ ቤቷ ስትገባ እግሯን ይዛ ታለቅሳለች።

ነቢዩ ሳያነብ አያስፈርምም። የይግባኙን ማመልከቻም አነበበላት። ሦስተኛው ገጽ ላይ ግን ቶሎ ገለጠው።

«ሁሉንም አነበብክልኝ?»

«ዋና ዋናውን» አለ፣ ጆሮው ቀልቶ። እሷም አምናው ፈረመች።

ችሎት ውስጥ የሚኒባሱ የመድን ድርጅት ጠበቃ ተነሣ። «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ይግባኝ ባይዋ ያለ ከዘራ እንደ ልባቸው ይራመዳሉ። ዛሬም ደረጃውን ያለ ድጋፍ ሲወጡ በዓይኔ አይቻለሁ። ካሳው የሚጨመርበት ምክንያት የለም።»

ሔለን ለአንድ ሰው ብላ የደበቀችው እግር አሁን ሊፈርድባት ነው።

«እስቲ ከዚያ እስከዚህ ይራመዱ» አሏት ሰብሳቢዋ ዳኛ።

ዞር ብላ አየች። ነቢዩ የኋላ ወንበር ላይ ተቀምጦ እስክሪብቶውን ጨብጧል። ብታነክስ እሱን፣ ባታነክስ እግሯን ልታጣ ነው። መራመድ ስትጀምር ግን የለመደባት ፍርሃት ቀደማትና ሦስት እርምጃ ቀጥ ብላ ሄደች። ጠበቃው ፈገግ አለ።

ዳኛዋ መዝገቡን ገለጡ። «ሦስተኛው ገጽ ላይ የተጻፈ ነገር አለ» አሉና አነበቡት። «ይግባኝ ባይዋ ሰው ሲያያት ሕመሟን ውጣ ቀጥ ብላ ትራመዳለች። ብቻዋን የሆነች ሲመስላት ግን አጥሩን ተደግፋ፣ በየአምስት እርምጃው እያረፈች ነው የምትሄደው። ጸሐፊው ይህን ስምንት ወር ሙሉ በዓይኑ አይቷል፤ ሲጠየቅም ይመሰክራል።» ቀና አሉ። «ጸሐፊው ማነው?»

«እኔ ነኝ፣ ክቡር ፍርድ ቤት» አለ ነቢዩ ከኋላ ተነሥቶ።

ሔለን አፈረች። ስምንት ወር! ደህና ዋል ብላው በሄደች ቁጥር እስክትታጠፍ ድረስ ቆሞ ያያት ነበር ማለት ነው። አይቶም በማግስቱ ወንበር ስቦ ይጠብቃት ነበር። እንባዋን ጠረገችና የቀረውን እርምጃ በገዛ አረማመዷ፣ እያነከሰች ጨረሰችው።

ችሎቱ ጉዳቷ በሕክምና ቦርድ እንደገና እንዲመረመር አዘዘ። ውጤቱ ምን እንደሚሆን ማንም አያውቅም።

ሲወጡ ነቢዩ አንድ ደረጃ ቀድሟት ወረደና ክንዱን ዘረጋላት።

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ያን ያህል ለፍተሽ የደበቅሽውን አየሁብሽ ልበልሽ?»

«ቦርዱ ቢከለክለኝስ? እንዲህ ሆኜ ብቀርስ?»

«አምስት እርምጃ እንሄዳለን፣ እናርፋለን። ከዚያ ደግሞ ሌላ አምስት።»

ክንዱን ያዘች። ዘጠኙን ደረጃ ሳትደብቅ፣ ቀስ ብላ ወረደች።

ቦርዱ ሠላሳ ስምንት በመቶ አለ፤ ካሳውም ተሻሻለ። አዲስ አበባ ቀዶ ሕክምና ልትገባ ስትል ነርሷ የአስታማሚ ቅጽ ሰጠቻቸው። እንደ ልማዱ ነቢዩ ለሔለን ሞላላት። ጨርሶ ሊያስፈርማት ወረቀቱን ሲያቀርብላት እስክሪብቶውን አልተቀበለችውም።

«መጀመሪያ አንብብልኝ። አንዲት መስመር እንዳትዘል።»

ነቢዩ ጆሮው እየቀላ ከላይ ጀምሮ አነበበላት። የአስታማሚ ስም፣ የራሱን። አድራሻ፣ ጅግጅጋ። ከታማሚዋ ጋር ያለው ዝምድና የሚለው ላይ ሲደርስ ቆም አለና ቀና ብሎ አያት።

«እጮኛ» ብሎ አነበበ።

ሔለን ፈረመች።