ከሙሽሮቹ የሸሸው ካሜራ

ልጆቼ፣ ሙንታሲር በቡታጅራ ስምንት ዓመት ሠርግ ሲቀርጽ የኖረ ልጅ ነው። በ1999 ዓ.ም. ሚሊኒየሙ ሲቃረብ፣ የሠርግ ካሴቶቹን ሁሉ አውጥቶ ስለ ከተማዋ ፊልም ሊሠራባቸው ተነሣ። አስፋልት ያልነበረው መንገድ፣ የፈረሰው ገበያ፣ የሞቱት ሰዎች፣ ሁሉም ከሙሽሮቹ ጀርባ ቆመው ይታያሉ። ችግሩ፣ የብዙዎቹን ስም አያውቅም።

የሰፈሩ ልጅ ናጃህ የጎረቤት ካሴት ልታስገለብጥ ሱቁ መጥታ ስክሪኑን አየች።

«እኚህማ ጋሽ ሰማን ናቸው! ፍየላቸው የሙሽራ ቬሎ የበላችባቸው!»

ከዚያ ወዲያ ከሰዓት ከሰዓት እየመጣች ስም ትነግረው ጀመር።

አንድ ቀን ሳቋን አቋረጠች። ሙሽሪት ኬክ ስትቆርስ ካሜራው ቀስ ብሎ ዞሮ፣ ለስላሳ የምታድል ልጅ ላይ ይቆማል። ልጅቷ ራሷ ናጃህ ናት። በሌላው ሠርግም እንዲሁ። በሦስተኛውማ ሽማግሌዎች እየመረቁ ካሜራው እሷን ተከትሎ በር ድረስ ወጣ።

«ሰዎቹ ገንዘባቸውን አላስመለሱህም?»

«ወላሂ፣ እኔም ልብ አላልኩትም ነበር።»

«እጅህ ግን ልብ ብሏል።»

ጆሮው ድረስ ቀላ። «ልቁረጠው?»

«ተወው» አለች፣ ዓይኗን ከስክሪኑ ሳታነሣ።

ፊልሙ በነሐሴ በከተማው አዳራሽ ታየ። ሰው ሟቾቹን እያየ አለቀሰ። ሦስተኛው ሠርግ ላይ ግን አንዱ ጎረምሳ ከኋላ «ኧረ ሙንታሲር፣ ሙሽራዋ የታለች?» ብሎ ጮኸ። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። የናጃህ አባት፣ በርበሬ ነጋዴው ሸረፋ፣ አልሳቁም።

በማግሥቱ ሱቁ መጡ።

«ልጄ፣ አንተን የምጠላበት ነገር የለኝም። ግን ናጃህን ለልጃቸው ለጠየቁኝ ወልቂጤዎች እሺ ብያለሁ፤ ፋቲሃ ተቀርቶ ቃል ታስሯል። እነሱ ሳያዩት ከፊልሙ አውጣት።»

«እሷ ምን አለች፣ አባባ?»

«ያን ጊዜ ስጠይቃት ዝም አለች። የልጃገረድ ዝምታ በኛ ዘንድ እሺታ ነው። ትናንት ማታ ግን አይሆንም ብላ አለቀሰች።»

«ታዲያ ተናገረች እኮ!»

«ፋቲሃ ከተቀራ በኋላ ምን ብዬ ልመልሳቸው? አንተ ንገረኛ!»

ሙንታሲር ካሴቱን ከፈተ። አጠገቡ ተቀምጠው እያዩ አንዱን ቆረጠ፤ ሁለተኛውን ቆረጠ። ሦስተኛው ላይ ናጃህ በሩ ጋ ዞር ብላ ስትስቅ፣ «ቆይ እስቲ» አሉ። «ቤት ውስጥ እንዲህ ስቃ አታውቅም።»

ደግመው አዩት። ከዚያ «ቁረጠው» አሉ፤ ፊታቸውን ግን ወደ በሩ አዞሩ።

ናጃህ ወደ ወልቂጤ ከመሄዷ በፊት አንድ ጊዜ፣ መናኸሪያው በር ላይ አገኘችው።

«ካሴቶቹን ከፋቲሃው በፊት ብታወጣቸው ምን ነበረበት?»

«ምን ታደርጊ ነበር?»

«አባባ ሲጠይቀኝ ዝም አልልም ነበራ።»

ሚኒባሱ ጡሩምባውን ነፋ፤ እናቷም ከውስጥ ጠሯት።

ከኢድ በኋላ ወልቂጤ ተዳረች።

ሸረፋ ቤት የካሴት ማጫወቻ የለም። ስለዚህ ዓርብ ዓርብ ከስግደት መልስ ወደ ሱቁ ጎራ ይላሉ። ሙንታሲር ምን ፈለጉ ብሎ አይጠይቅም፤ ወንበር ይስብላቸውና ያችን ከፊልሙ የወጣች፣ ናጃህ የምትስቅባትን ቁራጭ ይከፍታል። ስታልቅ ሸረፋ ተነሥተው፣ «አላህ ይስጥህ፣ ልጄ» ይላሉ፤ ዓይኑን ግን አያዩትም።