ቺንዳን ያላያት እናት

በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ፲፱፻፶፰ ዓ.ም.፣ ክረምቱ ጋብ ብሎ በደቡብ ሕንድ የፓያኑር ኮኮናቶች ገና ውሃ ያንጠባጥቡ በነበረበት ሰሞን፣ ከማድራስ የመጡ ፊልም ሠሪዎች በእናት አምላክ በባጋቫቲ ደን ዳር ካሜራቸውን ተከሉ፤ የአገሩን አምልኮ በፊልማቸው ሊያስገቡ ኖሯል።

ቺንዳን ከገዢው የወርቅ አምባርና «ፔሩቫናን» የሚል የጨፋሪነት ማዕረግ የተቀበለ፣ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ባጋቫቲ ስትወርድበት የኖረ ሰው ነው። በዘሩ ዝቅ ተደርጎ የባላባቱን ደጅ አይረግጥም፤ እሷ ባደረችበት ዕለት ግን ባላባቱ ራሱ እግሩ ላይ ይወድቅ ነበር። ምስኪን! አገር ሁሉ የሚያያትን እናት እሱ ብቻ አላያትም፤ ተቀብቶ፣ ዘውዱን ደፍቶ፣ በትንሿ መስታወት ፊቱን ካየባት ቅጽበት ወዲያ የሚሆነውን አያውቅምና።

ወሯ ሳይደርስ፣ ሳይጾሙ ልብሷን መልበስ ነውር መሆኑን አላጣውም፤ ፊልም ሠሪዎቹ ጨፍርልን ሲሉት ግን እሺ አለ።

«ምን ነካህ አንተ ሰውዬ? ያለወሯ ልትጠራት?» አለችው ሚስቱ ቺሩታ።

«በፊልሙ ልያት ብዬ ነው፤ አንዴ ብቻ፣ እንደ ሰው ቁጭ ብዬ።»

ፊት ቀቢው ከረፋድ ጀምሮ ሲቀባው ዋለ። ቺንዳን ዘውዱን ደፍቶ እጁን ወደ መስታወቱ ሲዘረጋ፣ ዳይሬክተሩ ሰማዩን አየና ጮኸ።

«ፔሩቫናን፣ ኧረ ቶሎ ይበሉ! ፀሐይዋ ልትገባብን ነው!»

«መስታወቱን ሳላይ?»

«ፊትዎ አምሯል፤ እኔ አይቼልዎታለሁ!»

ወጣ። ከበሮው ተመታ፤ እግሩም አልሳተም። ገና በመጀመሪያው ዙር ግን ድካም ተሰማው፤ በሠላሳ ዓመት ተሰምቶት አያውቅም ነበር።

በዓመቱ ፊልሙ ፓያኑር ገባ። በዘንባባ በተከደነው ሲኒማ ቤት ዘውዱ በሸራው ላይ ብቅ ሲል፣ ጫማ ያለው ጫማውን አወለቀ፤ አሮጊቶች ሩዝ ወረወሩ፤ ባላባቱም መዳፎቹን ገጥሞ ቆመ። ቺንዳን ዐይኑን ሳይነቅል አየ፤ ያየው ጉልበቱን የሚያመውን፣ ትንፋሽ የሚያጥረውን ሰውዬ ነው። እሷ የለችም።

«አየሃት?» አለችው ቺሩታ እንባዋን እየጠረገች።

ዞሮ ፊቷን አየ፤ ቆሞ የሚጸልየውንም ሕዝብ አየ።

«አየኋት» አላት።

የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች ያን ትዕይንት «የአገሩ ባህል በሸራ ላይ ሕያው የሆነበት» ሲሉ አወደሱት፤ የጨፋሪውን ስም ግን የጻፈ የለም። ቺንዳን ከዚያ ወዲያ አሥራ አንድ ዓመት እየጾመ፣ ወሯን እየጠበቀ ለበሰ፤ አገሩም በየዓመቱ አያት፤ እሱ እንደናፈቃት ሞተ።