አራቴን ስጠኝ

የዚያን ቀን ሰዓት ያሳሳተህ ሰይጣን ነው የሚሉኝ አሉ፣ እኔ ግን በሰይጣንም በመንፈስም ወሬ ስስቅ ያረጀሁ ሰው ነኝ፣ ቤት ውስጥ የሚንቋቋ ነገር ካለ ወይ የማሞቂያው ቧንቧ ነው ወይ ጉልበቴ ነው ባይ፤ ያሳሳተኝ የገዛ ጉራዬ ነው።

የሟቹ ጓደኛዬ የደምሴ ባለቤት ፀዳለ ከብሪክስተን ደውላ፣ «ጋሼ ታዬ፣ የአርባው ዝክር ቅዳሜ በአራት ሰዓት ነው፣ ኬንቲሽ ታውን አዳራሹ ውስጥ፣ ሳክስፎንዎን ይዘው ይምጡ» አለችኝ። የአገራችን ሰው በአገራችን ሰዓት እንደሚቀጣጠር ጠፍቶኝ ነው? እኔ የለንደን ሰው ነኝ ባዩ አራትን በፈረንጅ ቆጥሬ፣ ጠዋቱን ጫማዬን ስወለውል ውዬ፣ ከሰዓት በኋላ ከረባት አስሬ ደረስኩ። ቄሱም እንግዳውም ሄደዋል፣ የቀረው የዳቦ ፍርፋሪ ነው።

ያንገበገበኝ ምግቡ አይደለም፣ እመነኝ፣ ሆዴ የራሱ አስተያየት ቢኖረውም። ደምሴ አዲስ አበባ በአንድ ባንድ ስንጫወት ከጎኔ የሚቀመጥ ግራኝ ትራምፔት ነፊ ነበር፤ እሱ አራት ባር፣ አንዲት አጭር የዜማ ሐረግ ማለት ነው፣ ነፍቶ ተረከዙን ሁለቴ ወለሉ ላይ መታ መታ አድርጎ ዝም ይላል፣ እኔ በሳክስ አራት ባር እመልስለታለሁ። ሆስፒታል ተኝቶ ሳለ፣ «ታዬ፣ አርባዬ ላይ አራቴን ስጠኝ፣ ሳትመልስልኝ እንዳትቀር» አለኝ። «አንተ ሞተህም መድረክ አትለቅም?» አልኩት። ሳቀ፣ ሳሉ አቋረጠው።

ከዝክሩ ቀጥሎ አዳራሹን የተከራዩት የድሮ ፊልም ወዳጆች ወንበር ይደረድራሉ። እግሬ አልሄድ ብሎኝ የሳክሴን ሳጥን ጭኔ ላይ አድርጌ ተቀመጥኩ። የሚያሳዩት እያንዳንዳቸው አንድ ዘፈን የሚያህሉ አጫጭር ፊልሞች ነው፣ ድሮ አሜሪካ ቡና ቤት ውስጥ ሳንቲም ሲጎርስ ፊልም የሚያሳይ ማሽን ነበር አሉ፣ ለዚያ የተሠሩ፤ ትልቅ ባንድ፣ ነጭ ኮት፣ ተራ በተራ ብድግ የሚሉ ነፊዎች፣ እኔና ደምሴ ሳንወለድ የተቀረጹ።

አንደኛው ላይ ዓይኔ ተተከለ። ትራምፔቶቹ ሁሉ በግራ እጃቸው ነው የሚጫወቱት፣ ከዳር ካለው በቀር። የዳሩ ሰውዬ ብድግ ብሎ አራት ባር ነፋ፣ ያንን ዜማ ከየት እንደማውቀው ላስታውስ ስል ትራምፔቱን አወረደ፣ ከዚያ ተረከዝ፣ ጧ ጧ። የሳክስ ነፊዎቹ ጣት ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ ግን የለም፣ ከበሮው ብቻ። ሰውዬው ቅንድቡን አንስቶ ወደ እኛ ወደ አዳራሹ እያየ ይጠብቃል። ጭኔ ላይ ሳጥኑ እዝዝ ሲል ተሰማኝ፣ አውቶቡስ ነው አልኩ፣ መስኮቱ ግን አልተንቀጠቀጠም።

«ይቅርታ» አለ ፊልሙን የሚያሳየው እንግሊዛዊ ሽማግሌ፣ መብራት አብርቶ፣ «ማቃናቱን ረስቼዋለሁ። ማሽኑ ምስሉን በመስታወት እየመለሰ ስለሚያሳይ ፊልሙ የታተመው ተገልብጦ ነው፤ ግራ ሆኖ የምታዩት ቀኝ ነው።»

እንግዲያው ያ ቀኝ የመሰለኝ ሰውዬ ግራኝ ነው።

«ያ የዳሩ ትራምፔት ነፊ ማነው?» አልኩት።

«የቱ?»

አቃንቶ ደገመው። ሁሉም በቀኛቸው ይጫወታሉ፣ ሳክሱም አራቱን ባር አሳምሮ ይመልሳል፤ ከዳር ያለው ወንበር ላይ ግን ማንም የለም።

«ቅድም እኮ እዚህ ጋ ድምፁ ጠፍቶ ነበር።»

«አልጠፋም» አለኝ፣ ትንሽ አየት አድርጎኝ፣ «ሻይ ላምጣልህ?»

ማታ ፀዳለ ደወለች። «ምን ነክቶዎት ነው ጋሼ ታዬ? ከዳር ወንበር ይዘንልዎት፣ ባዶውን ዋለ።»

«በፈረንጅ አራት መስሎኝ።»

«እንዲያው እርስዎ! ደምሴ ቢሰማ በሳቅ ይሞት ነበር።»

ሳክሱ አሁን አልጋዬ ሥር ነው። በእኛ አራት ሰዓት አንዴ፣ ደግሞ በፈረንጅ አራት፣ ሳጥኑ እዝዝ ይላል፤ የማሞቂያው ቧንቧ ነው እላለሁ፣ ማሞቂያው ከተዘጋ ሰንብቷል። አንዳንዴ አውጥቼ ከንፈሬን አዘጋጃለሁ፣ ከዚያ አራቱን ከመለስኩለት ጨዋታችን ማለቁ ነው ብዬ መልሼ እዘጋዋለሁ። በየትኛው ሰዓት እንደሚጠብቀኝም አላውቅም። ብቻ አራት ባር አለብኝ።