ዳርላ ያልነበረችበት ሸክላ

ጊታሩ ከሬዲዮው ውስጥ ገና አንዴ እንደጮኸ ግሬቸን ዘፈኑን አወቀችው። ክው አለች።

ዳርላ አላስተዋለችም። በአባቷ ምንጣፍ ሱቅ የኋላ መጋዘን ውስጥ፣ ፊት ለፊቷ በተጠቀለለ ምንጣፍ ላይ ተቀምጣ፣ የኬሚስትሪውን መጽሐፍ ጭኗ ላይ ዘርግታ እያስረዳቻት ነበር። «ስሚኝማ፣ አሲድና ቤዝ ሲገናኙ… ቤዝ ስልሽ ደግሞ ያንቺ ጊታር አይደለም፣ እሺ?» ብላ በራሷ ቀልድ ሳቀች። ሳቋ መሃል ላይ ተቋረጠ።

«ቆይ» አለች። «ቆይ ቆይ! ይሄ የኛ ዘፈን አይደለም እንዴ?»

መጽሐፉ መሬት ወደቀ። «አባዬ! አባዬ ቶሎ ና! ሬዲዮ ላይ ነን!»

አባቷ ሚስተር ኮብ የምንጣፍ መቁረጫውን እንደያዘ ከፊተኛው ሱቅ እየተጣደፈ መጣና ድምፁን እስከ መጨረሻው ከፈተው። የዩኒቨርሲቲው ተማሪዎች የሚያሰራጩት ጣቢያ ነበር። ዘፈኑ መሃል ሲደርስ ጊታሩም፣ ቤዙም፣ ዘፋኙም በአንድ ጊዜ ፀጥ አሉ። ሰሚው ዘፈኑ አለቀ ወይስ ሬዲዮው ተበላሸ ብሎ ሳይጨርስ ድራሙ ብቻውን ሁለቴ ተመታና ሁሉንም መልሶ አመጣቸው። ዳርላ ከሬዲዮው እኩል ምንጣፉን በመዳፏ ሁለቴ መታችው። ያቺን ዝምታ የፈጠረቻት እሷ ነበረች።

«ኬንት ካሴቱን ልኮላቸዋል ማለት ነው! እዚሁ የቀዳነውን!» አለች ዓይኗ እያበራ። «ግን እንዴት እንዲህ ጥርት አለ?»

«ምናልባት አስተካክለውት ይሆናል» አለች ግሬቸን።

ይህን ስትል ድምፅዋ እንኳ አልተንቀጠቀጠም። ዘፈኑ እንዳለቀ፣ አቅራቢው አፉን ሳይከፍት ቀድማ እጇን ዘረጋችና ሬዲዮውን ዘጋችው። «ደንበኛ ቆሞ እየጠበቀ ነው» አለች ወደ ሱቁ እያመለከተች። ደንበኛውስ እውነትም ቆሞ ነበር። ሚስተር ኮብ ከመመለሱ በፊት የዳርላን ፀጉር በሰፊ መዳፉ በተነው።

«ድራመሯን ሰማኋት» አለ። «ቀላል ሰው አይደለችም።»

ያን ቀን ግሬቸን ስለ አሲድ አንድም ነገር አልገባትም።

«ቢጫ መብራት» ዳርላ እንደምታውቀው በየካቲት ተወልዶ ገና ሳይደርስ የሞተ ባንድ ነው። የተወለደውም እዚሁ መጋዘን ውስጥ ነበር። ጊታር እየተጫወተ የሚዘፍነው ኬንት ያኔ ኮረብታው ላይ ባለው ዩኒቨርሲቲ የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነበር፤ ለመኝታ ክፍሉ ቁራጭ ምንጣፍ ሊገዛ መጥቶ ከኋላ ድራም ሲመታ ሰማ። «ማነው ሰውዬው?» ብሎ ሲጠይቅ ሚስተር ኮብ «ሰውዬው አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው» አለው። ዳርላ ደግሞ ቤዝ የምትጫወት ጓደኛ ነበረቻት፣ ግሬቸን። ሦስቱ ቅዳሜ ቅዳሜ ሱቁ ከተዘጋ በኋላ ከምንጣፍ ጥቅሎች መሃል መለማመድ ጀመሩ። ምንጣፉ ድምፁን ስለሚውጠው ጎረቤት አይጮኽባቸውም ነበር።

የሚጫወቱትን ኬንት «ፓወር ፖፕ» ይለዋል። ጊታሩ ያጓራል፤ ዜማው ግን እንደ ከረሜላ ነው፤ ዘፈኑም ሳይጠገብ ያልቃል። ዕቃቸውን የሚያመላልስላቸው ሚስተር ኮብ ነበር፣ በምንጣፍ ማድረሻ መኪናው። ሰውየው ቢጫ መብራት ሲያይ ፍሬን መያዝ ትቶ ነዳጅ ይረግጣል። አንድ ቀን እንደዚያ ሲያደርግ ኬንት ከኋላ እየተንከባለለ «በቃ፣ ስማችን ተገኘ!» ብሎ ጮኸ። በሚያዝያ ፒዛ ቤት ውስጥ ሲጫወቱ ተማሪው ሁሉ ወንበር ላይ ቆሞ ጨፈረ። በሰኔ ሎረንስ ከተማ ውስጥ ሙዚቃ የሚወድ ሰው ሁሉ «እስከ ሰኞ» የሚለውን ዘፈናቸውን ከእነሱ ጋር ይዘፍን ነበር።

በነሐሴ የሙዚቃ ሸክላ የሚያሳትም አንድ ሰው ከካንሳስ ሲቲ ሊያያቸው መጣ። ኬንትንና ግሬቸንን ወደ ጎን ጠርቶ «ዘፈኑን ወድጄዋለሁ» አላቸው። «ድራመሯ ግን ትፈጥናለች። ስትጀምሩ ሌላ ዘፈን ነው፣ ስትጨርሱ ሌላ። በሌላ ሰው ከሆነ እቀዳችኋለሁ።»

ዳርላ በዚያች ሰዓት ውጭ ከአባቷ ጋር አምፕሊፋየር እየጫነች ነበር።

«አንቺ ንገሪያት» አለ ኬንት በማግስቱ። «ጓደኛሽ አይደለች? እኔ ከነገርኳት እንደ ክፉ ሰው ነው የምታየኝ።»

ግሬቸን ልትነግራት ሄደች። መንገዱን ሙሉ የምትለውን እያሰላሰለች ነበር። ዳርላ ግን በሩን እየሳቀች ስትከፍትላት ቃሉ ከአፏ ጠፋ። በምትኩ የወጣው ሌላ ነበር። «ባንዱ ፈርሷል» አለቻት። «ኬንት ትምህርቱ ከበደው። በቃኝ አለ።»

ዳርላ ትንሽ አለቀሰች። ከዚያ ዓይኗን በእጅጌዋ ጠርጋ ግሬቸንን አቀፈቻት። «አይዞሽ» አለቻት። «አንቺም እኮ ከእኔ እኩል ነው ያጣሽው። ሁለታችን እንቀጥላለን፣ እሺ?»

ግሬቸን እዚያው ላይ እውነቱን ብትናገር ይቀልላት ነበር። አልተናገረችም። በሳምንቱ እሁድ አክስቷ ጋ እንደምትሄድ ነግራት ካንሳስ ሲቲ ሄደችና ከኬንትና ዶይል ከሚባል ድራም የሚመታ ጢማም ተማሪ ጋር ዘፈኑን ቀዳች። ዶይል አይፈጥንም። ግን ያችን ሁለት ምት እንዴት እንደሚመታት አላወቀም፤ ያሳየችው ግሬቸን ናት፣ በጣቷ ጠረጴዛ እየመታች። ትምህርት ቤት ሲከፈት ዳርላ «ቅዳሜ እንለማመድ» ባለቻት ቁጥር «ኬሚስትሪ ሊጥለኝ ነው፣ ማጥናት አለብኝ» ትላት ጀመር። ዳርላም «ታዲያ እኔ ምን ልሠራ ነው ያለሁት?» ብላ መጽሐፉን ይዛ ቁጭ አለች። ከዚያ ወዲህ ቅዳሜ ቅዳሜ መጋዘኑ ውስጥ ታስጠናት ነበር።

ዘፈኑ በሬዲዮ በተሰማ በቀጣዩ ሰኞ ምሳ ሰዓት ሳይደርስ ወሬው በትምህርት ቤቱ ሁሉ ተዳርሶ ነበር። ዳርላ ለሰማ ላልሰማው ተናግራለች። ካፍቴሪያ ውስጥ ትሪዋን ይዛ ስትገባ ራንዳል የሚባለው ልጅ ከሩቅ ጠራት። ራንዳል የኪሱን ሁሉ ለሸክላ የሚያወጣ፣ ከተማው ውስጥ አዲስ ነገር ከወጣ ቀድሞ የሚገዛ ልጅ ነው።

«ኮብ! ሬዲዮ ላይ ድራም የመታሁት እኔ ነኝ ያልሽው እውነት ነው?»

«ታዲያስ!» አለች ዳርላ።

ራንዳል ከቦርሳው ትንሽ ሸክላ አወጣ። ሽፋኑ ላይ ሦስት ሰዎች የጡብ ግድግዳ ተደግፈው ቆመዋል። ኬንት አለ፤ ግሬቸን አለች፤ ሦስተኛው ዶይል ነው።

«እና ጢም ያበቀልሽው መቼ ነው?» አላት።

ጠረጴዛው ዙሪያ ያሉት በሳቅ ፈነዱ። ዳርላም ነገሩ ስላልገባት አብራ ሳቀች። ከዚያ ሽፋኑን ተቀብላ አየችው። ገልብጣ ጀርባውን አነበበች። እንደገና ፊቱን አየች።

ግሬቸን እዚያው ጠረጴዛ ጫፍ ላይ ተቀምጣ ነበር።

«ግሬች» አለች ዳርላ። ድምፅዋ ውስጥ ገና ቁጣ አልነበረም፤ አንድ ነገር እንደሚብራራላት የምትጠብቅ ሰው ድምፅ ነበር። «ንገሪያቸው እንጂ።»

ግሬቸን ሳህኗ ላይ ያለውን የተፈጨ ድንች አየች። በሹካዋ ወደ ግራ ገፋችው፤ መልሳ ወደ ቀኝ ገፋችው። ጆሮዋ እስኪጮኽ ድረስ ፊቷ ጋለ። ሁሉም እየጠበቃት እንደሆነ ይሰማታል። ቀና አላለችም።

ዳርላ ሸክላውን እንዳይታጠፍ ተጠንቅቃ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው። ትሪዋን እንኳ ሳታነሳ ወጣች።

«ውሸታም!» አለ አንዱ ከኋላዋ፤ ሌሎቹም ተቀበሉት። ግሬቸን ይህንንም ሰማች። ደወል እስኪደወል ከወንበሯ አልተነሳችም።

ከትምህርት በኋላ ወደ ምንጣፍ ሱቁ ስትሄድ እግሯ ይጎተት ነበር። ሚስተር ኮብ መኪናው አጠገብ ቆሟል። የኋላው በር ተከፍቶ ውስጡ የግሬቸን አምፕሊፋየር በብርድ ልብስ ተጠቅልሎ ይታያል።

«ቤትሽ አደርስልሻለሁ» አላት። «በእጅ የሚወሰድ ዕቃ አይደለም፤ ወገብሽን ያሳምምሻል።»

«ሚስተር ኮብ፣ እኔ…»

«ኋላ ናት» አለ። ቢጮኽባት፣ ቢያባርራት ደስ ባላት ነበር። እሱ ግን የብርድ ልብሱን ዳር ዳር እንዳይገለጥ ይጠቀጥቅ ጀመር።

ዳርላ ከድራሙ ኋላ ተቀምጣለች። ዱላዎቹ መሬት ላይ ናቸው። ዓይኗ አብጧል።

«ያ የካንሳስ ሲቲ ሰውዬ ነው አይደል?» አለች ቀና ሳትል። «ፈጠነች ብሎ ነው።»

«አዎ።»

«ልክ ነው። እፈጥናለሁ። የማላውቅ መሰለሽ?» ዱላዎቹን በጫማዋ ጫፍ ገፋቻቸው። «ብትነግሪኝ አለቅስ ነበር። ምናልባት አንድ ሳምንት አላናግርሽም። ከዚያ ቁጭ ብዬ ቀስ ማለት እለማመድ ነበር። ወይም ሌላ ሰው ያምጡ እል ነበር። እኔ ነበርኩ የምወስነው።»

«ፈርቼ ነው» አለች ግሬቸን። «ልነግርሽ ነበር የመጣሁት። ከዚያ ስታቅፊኝ…»

«አቅፌ አጽናናሁሽ» አለች ዳርላ። «እኔ! አንቺን! ቁጭ ብዬ ሳስበው ያሳፍረኛል። ያደረግሽው አንቺ፣ የማፍረው እኔ። ይገርማል አይደል?»

ግሬቸን እንባዋ መጣ፤ ግን እዚህ ማልቀስ የሷ ተራ እንዳልሆነ ስለገባት ዋጠችው። «ይቅርታ» አለች። «ሁሉንም ነው የዋሸሁሽ። አክስቴም ጋ አልሄድኩም።»

«ኬሚስትሪውስ? እሱም ውሸት ነው?»

«እሱ እውነት ነው። ምንም አይገባኝም።»

ዳርላ ልትስቅ ምንም አልቀራት። አፏን ጠበቅ አድርጋ ያዘችው። «ለማንኛውም፣ ይቅርታሽን ለእኔ አትንገሪኝ» አለች። «እኔማ አወቅኩት። ያላወቁት ዛሬ የሳቁት ናቸው።»

ማታ እራት ሳይቀርብ ኬንት ደወለ። ነገሩን ከሆነ ሰው ሰምቷል። «ዓርብ ኮረብታው ላይ እንጫወታለን፤ ትኬቱ ሊያልቅ ነው» አላት። «አሁን ነገር አታንሺ፣ እሺ? ድራሙን ማን ፈጠረው ብሎ የሚጠይቅሽ የለም።»

«ዳርላ ጠይቃኝ ነበር» አለች ግሬቸን። «ዝም አልኩ።»

«በቃ፣ እንደዚያው ዝም በይ። ነገ ይረሱታል። ብትናገሪ ደግሞ እኛ ሌባ መባላችን ነው። ለምንድን ነው ራስሽን የምታዋርጂው?»

«ደህና እደር» አለችውና ስልኩን ዘጋች። እራት ላይ እናቷ ሸክላውን ለጎረቤት እንዳሳየች፣ ጎረቤቷም እንዴት እንደኮራች ስትነግራት ግሬቸን ሳህኗን ገፋ አድርጋ ተነሳች።

በማግስቱ ምሳ ሰዓት ዳርላ አልመጣችም። ግሬቸን ትሪዋን ይዛ በሩ አጠገብ ቆማ ካፍቴሪያውን ዙሪያውን ፈለገቻት። እነራንዳል ያው ጠረጴዛቸው ላይ ናቸው። አንዱ በሁለት ሹካ ትሪውን እየመታ አገጩን እንደ ጢማም ሰው ያሻሻል፤ ሌሎቹ በሳቅ ይንፈራፈራሉ።

ዳርላ ባለችበት ቢሆን ይሻላል፣ ብላ አሰበች ግሬቸን። ነገ ትመጣ ይሆናል። ከፊቷ ብናገር ታየኛለች፤ ያኔ ምናልባት…

ሐሳቡን አልጨረሰችውም። ለማን ብላ ነው የምትናገረው? ዳርላ እንድታያት ብላ? ብቻዋን ቆማ እንደገና ፊቷ ጋለ።

በመስኮቱ በኩል ባዶ ወንበር ነበር። አልፋው ወደ እነራንዳል ሄደች። መንገዱ አጭር ነው፤ ስለተጣደፈች ግን ትሪው ላይ ካለው ብርጭቆ ወተት ፈስሶ ዳቦዋን አራሰው። ሹካ የሚመታው ልጅ አያትና አቆመ።

ራንዳል ቀና አለ። «እንዴ፣ ኮከቧ መጣች! ፊርማ ልትሰጪን ነው?»

አንድ ሁለቱ ሳቁ። ከወዲያኛው ጠረጴዛ ያሉትም ዞረው ያዩዋት ጀመር። ትሪዋን ከመሃላቸው አስቀመጠች፤ ወንበር ግን አልሳበችም።

«ትናንት ዳርላ ንገሪያቸው ብላኝ ነበር» አለች። «ያን ድራም የፈጠረችው እሷ ናት፤ የዋሸሁት እኔ ነኝ።»