የትልቁ ኩሬ ትንሽ ዓሣ

ሰውየው ከወገቡ በላይ የገዛ ኩሬው ውስጥ ተደፍቶ፣ እግሮቹ ደረቅ ሲሚንቶ ላይ ቀርተው ተገኘ። በቀኝ እጁ የመኖ ጣሳ ጨብጧል። ውሃው ላይ የተበተኑ የመኖ ፍሬዎች ይንሳፈፋሉ። ከሥራቸው ኮይ የሚሏት የጌጥ ዓሣ፣ ነጭ ሆና ግንባሯ ላይ አንድ ቀይ ክብ ያላት፣ ምንም እንዳልተፈጠረ ሁሉ ትዞራለች።

ቀድሞ የደረሰው ፖሊስ ነገሩን ቋጭቶ ነበር የጠበቀው። «ዓሣውን ሲመግብ አዳልጦት ነው፣ ኢንስፔክተር።»

ኢንስፔክተሯ ወደ አስከሬኑ ቀረበች። ባልደረቦቿ በሌለችበት «ወንፊት» ይሏታል፤ የነገሯትን ሁሉ ዝም ብላ ታሳልፋለች፣ አላልፍ ያለው ግን እላይ ይቀራል። ተንበርክካ የሟቹን ጭንቅላት መረመረች። ቁስሉ ከኋላ ነው። በኩሬው የሲሚንቶ ጠርዝ ላይም ጥቂት ደምና ፀጉር አለ።

«ወደ ኋላ ቢያዳልጠው በጀርባው ነበር የምናገኘው» አለች። «ወደ ፊት ቢያዳልጠው ግንባሩ ነበር የሚቆስለው። ይሄ ሰው በጀርባው ወድቆ በሆዱ ተገኘ። ማን ገለበጠው?»

ፖሊሱ ኮፍያውን አስተካከለ።

እሷ ኩሬው ያለበትን ቤት ታያለች። ጣሪያው መስታወት ነው። ኩሬው ሰው ቢቆምበት ያሰጥማል፤ ስፋቱም ሳሎን ያህላል። በአንድ በኩል የውሃ ማሞቂያ፣ በሌላው ትልልቅ የማጣሪያ በርሜሎች፣ ከሥር ሳያቋርጥ የሚፍለቀለቅ አየር። ይህ ሁሉ የተዘጋጀው ለአንዲት ዓሣ ነው፤ ዓሣዋ ደግሞ ከስንዝር እምብዛም አትበልጥም። ሰውነቷ አጭር፣ ዓይኗ ጎላ ያለ ነው።

ከተንሳፈፉት ፍሬዎች አንዱን አነሳች። የሽምብራ እጥፍ ይሆናል። መልሳ ጣለችው። ዓሣዋ መጥታ ሳበችው፣ ተፋችው። እንደገና ሳበችው፣ እንደገና ተፋችው።

«ዓሣ ያውቃሉ እንዴ፣ ኢንስፔክተር?»

«አላውቅም። አፍ ግን አውቃለሁ።»

የሟቹ ሚስት ወጥ ቤት ተቀምጣ ነበር። ትናንት እህቷ ቤት አድራ ጠዋት ስትመለስ ግቢው በሰው ተሞልቶ ጠበቃት። ዓይኗ ቀልቷል፤ ድምጿ ግን ቁጣ እንጂ ለቅሶ አልነበረበትም።

«አጠገቤ ተኝቶ እንኳ ጆሮው ፓምፑ ላይ ነበር» አለች። «ፓምፑ ድምፁን ከቀየረ ብድግ ይላል። እኔ ሳቃስት ባድር አይሰማም።»

«ቀኑባት?»

«በዓሣ? አዎ፣ ቀናሁ። ይሄው፣ ይጻፉት! እስቲ ወጥ ሠርቼ ወደ ዓሣ ኩሬ ‹እራት ቀረበ› ብዬ ልጣራ?»

«በቅርቡ አይተዋታል?»

«ዓመት አልፎኛል። ‹እዚያ ከገባሁ እቀቅላታለሁ› ብዬ ስምል ቁልፉን ኪሱ ከተተው። ከዚያ ወዲያ እሱ እንጂ ማንም አይገባም።»

«ትልቅ ናት ይል ነበር?»

«ቀጭጫ ቀረች ነበር የሚለው፣ ለጠየቀው ሁሉ። ለዘንድሮው ውድድርም አላቀርባትም ብሏል። ግን...» አንገቷን ነቀነቀች። «ቀጭጫለች እያለ ያፏጫል። ያዘነ ሰው ያፏጫል?»

«አስከሬኑን ማን አገኘው?»

«ማሙሽ ነዋ። ታናሽ ወንድሙ። ፀጉሩ ሸብቶም ማሙሽ ነው፤ ባሌ ያወጣለት ስም አይለቅም።»

ከአጥሩ ማዶ ያለው ጎረቤት ደግሞ በሰፈሩ «ሻምፒዮን» ይባላል። የኮይ ውድድር ዋንጫ ከእጁ ወጥቶ አያውቅም። ትናንት ከሟቹ ጋር በአጥር ላይ ሲጯጯህ መንገደኛ ሁሉ ሰምቷል።

«‹ዘንድሮ ዋንጫህን ተሰናበታት› አለኝ» ሲል ነገራት። «‹በምንህ?› አልኩት። ሳቀ። የሰው ሳቅ እንዲህ ደሜን አፍልቶት አያውቅም።»

«ቀኑበት ማለት ነው?»

«እኔ? ስንዝር በማታክል ዓሣ? አይ ኢንስፔክተር፣ እንዲህስ አያዋርዱኝ!»

«እሺ፣ እንዳያኮርፉኝ ያስተምሩኝ። ይሄ ዓሣ የሚያድገው በምንድን ነው?»

ሰውየው ጥያቄውን ሲሰማ ቁጣውን ረሳ። «ዘር አለ። ሴቷም ከወንዱ ትበልጣለች። ነገር ግን ዘር ብቻውን ወሬ ነው። ሰፊ ውሃ፣ ለብ ያለ ውሃ፣ ንጹሕ ውሃ፣ ጥሩ መኖ፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ የማይጋፋት ጎረቤት። በጠባብ ገንዳ ካጎሯቸው በገዛ ቆሻሻቸው ይታፈናሉ። ሰውነታቸው ቀርቶ ዓይናቸው ብቻውን ያድጋል። የቀጨጨች ዓሣ ከሩቅ ትታወቃለች፤ ዓይን ብቻ ናት።»

«መኖውስ ለሁሉም አንድ ነው?»

«በአፋቸው ልክ ነው እንጂ! ለሕፃን ሙሉ ዳቦ አፉ ላይ ይወትፋሉ?»

ወስዶ ኩሬዎቹን አሳያት። በእያንዳንዱ ሰፊ ውሃ ውስጥ በጣት የሚቆጠሩ ዓሦች፣ ሁሉም ክንድ የሚያህሉ፣ በዝግታ ይንሸራሸራሉ። ትንሽ ዓሣ አንድም የለም።

«ዓሣ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል ይባላል» አላት ሲሸኛት። «ይጠንቀቁ።»

«ዘንዶውን ነው የምፈልገው።»

የሟቹ ታናሽ ወንድም የሚኖረው ከመንገዱ ማዶ፣ ግድግዳ ለግድግዳ በተጣበቁ ቤቶች መካከል በምትገኝ ጠባብ ግቢ ነው። ሁለት ትንንሽ የሲሚንቶ ገንዳዎች አሉት፤ ውስጣቸው ዓሣው በጥድፊያ ሰዓት እንዳለ የአውቶቡስ ተሳፋሪ ታጭቋል። ውሃው ደፍርሷል። ብዙዎቹ ነጭ ናቸው፣ ግንባራቸው ላይም ቀይ ክብ አለ።

ማሙሽ ወንበሩን በእጅጌው ጠርጎ አስቀመጣት።

«ከአንዲት እናት የተፈለፈሉ ናቸው» አለ እንባውን እየጠረገ። «ደቃቆች ሳሉ ነው የተካፈልናቸው። ወንድሜ አንዷን መርጦ አስቀረና የተረፈውን ሁሉ ለኔ ሰጠኝ። እንደ ጫማው፣ እንደ ኮቱ ማለት ነው። የሱ ትርፍ ሲለብስ ያደገ ሰው ይህን አይቶ አይገረምም።»

«ቅር አላለዎትም?»

«በምን? የሱም ቀጭጫ ቀረች አይደል። ዘራችን ነው፣ ኢንስፔክተር። አያድግም።» ሊስቅ ሞከረ።

«ከነዚህ ሸጠው ያውቃሉ? ለጎረቤትዎ ለሻምፒዮን፣ ለምሳሌ?»

«ይሄን ማን ይገዛኛል! እሱማ በነፃ ብሰጠው አጥሩ ላይ ይስቅብኛል። አንዲትም ከዚህ ግቢ ወጥታ አታውቅም።»

«እጄ መኖ መኖ ሸተተ። ውሃ አለዎት?»

ማሙሽ ብድግ ብሎ ባልዲ አነሳና ወደ ጎረቤት ሮጠ። ኢንስፔክተሯ ቀና አለች። የቤቱን ግድግዳ ተደግፎ ሰው ውስጡ ሊቆም የሚችል ጥቁር የውሃ ታንከር ተገትሯል። በክዳኑ ጠርዝ ቀጭን ነጭ ጎማ ሾልኮ ይገባል፤ ሌላው ጫፉ በመስኮት በኩል ወደ ቤት ውስጥ ይዘልቃል። ከመስኮቱ የትንኝ ጩኸት የመሰለ ድምፅ ይሰማል።

«ታንከሩ ባዶ ሆኖብኝ ነው» አለ ማሙሽ በባልዲ ውሃ ይዞ ሲመለስ።

«ምንም አይደል» አለች። ታጥባ አመሰገነችው።

ከሰዓት በኋላ ሦስቱንም የሟቹ ኩሬ አጠገብ ሰበሰበቻቸው። ሚስትየው በሩ ላይ ቆመች፤ ወደ ውሃው ለመቅረብ አልፈቀደችም። ሻምፒዮን ማጣሪያዎቹን አንድ በአንድ እያየ በአፍንጫው ይተነፍሳል፤ ከሱ ማጣሪያዎች ይበልጣሉ። ማሙሽ ጥግ ይዟል። ፖሊሱ የለም፤ አንድ ነገር እንዲያይ ተልኳል።

«አንድ ሰው እዚህ ጋ ተገፍትሮ ጭንቅላቱ ጠርዙን መታ» ብላ ጀመረች። «ከዚያ ፊቱ ውሃ ውስጥ እንዲሆን ተገለበጠ። ሲመግብ የወደቀ እንዲመስልም ጣሳ አስጨበጡት፣ መኖም በተኑ። መኖው ከማጣሪያው ጎን ካለው ጆንያ የተወሰደ የሟቹ መኖ ነው። ችግሩ፣ ይህቺ ዓሣ ልትውጠው አትችልም።» አንድ ፍሬ ጣለች። ዓሣዋ ሳበችው፣ ተፋችው። «ሟቹ በየቀኑ በአፏ የማይገባ መኖ ይመግባት ነበር?»

«ሞኝ አልነበረም» አለ ሻምፒዮን ሳይወድ።

«እርስዎ ዓሣ በምን እንደሚያድግ ነግረውኛል። እዚህ የጎደለው ምንድን ነው?»

ሻምፒዮን ዙሪያውን ቃኘ። «ምንም። ስፋቱ፣ ሙቀቱ፣ አየሩ... እዚህ ያደገች ዓሣ እንዲህ...» ቃሉን ሳይጨርስ ጎንበስ አለና ዓሣዋን አተኩሮ አያት። «ዓይኗን እዩት! ይህቺማ ተጨናንቃ ያደገች ናት። ይህቺ የዚህ ኩሬ ልጅ አይደለችም!»

«አይደለችም። ያ መኖ የሚገባው ሰፊ አፍ ያላት ሌላ ዓሣ እዚህ ኖራለች። ሟቹ ለውድድሩ ቀን ደብቋት ‹ቀጨጨች› እያለ ያስወራ ነበር፤ እያፏጨ። ያ ውሸት ለገዳዩ ተመቸው። ትልቋን ወስዶ ትንሽ ቢተካ ሁሉም ሰው የጠበቀው ትንሽ ዓሣ ነውና ማንም አይጠይቅም።» ወደ ሚስትየው ዞረች። «እርስዎ ይቀቅሏት ነበር እንጂ አይለውጧትም።» ወደ ሻምፒዮን ዞረች። «እርስዎ ይሰርቋት ይሆናል።»

«እንዴ!»

«ነገር ግን በቦታዋ የሚተኩት ቀጫጫ የለዎትም። ግንባሯ ቀይ የሆነ ቀጫጫ ያለው አንድ ግቢ ብቻ ነው፤ ከዚያም ግቢ አንዲት እንኳ እንዳልወጣች ባለቤቱ ራሱ ነግሮኛል።»

ሁሉም ወደ ጥጉ ዞሩ።

«ዘመድ ናቸው፣ ይመሳሰላሉ...» አለ ማሙሽ። «የሱም ቀጭጫ ነበር የቀረችው፤ ራሱ ነው የነገረኝ።»

«አንድ ታንከር አለዎት። ባዶ ነው ብለው ለእጅ መታጠቢያ ውሃ ከጎረቤት ቀዱልኝ። የአየር ጎማ ግን ይገባበታል። ሰው ለመጠጥ ውሃው አየር አይነፋም፤ ለባዶ ታንከርማ ጭራሽ።»

በዚያው ቅጽበት ፖሊሱ እስከ ትከሻው ረጥቦ ገባ። ሁለት እጆቹን ዘርግቶ ታንከሩ ውስጥ ያገኛትን ዓሣ ርዝመት ሊያሳያቸው ሞከረ፤ ከዚያም አልበቃ ሲለው ትንሽ ጨመረበት።

ማሙሽ መሬት ላይ ተቀመጠ።

«‹ና ማሙሽ፣ አንድ ነገር ላሳይህ› አለኝ» አለ። «ለሰው ሁሉ ደብቆ ለኔ ማሳየት ለምን አስፈለገው? ስንቀጠቀጥ ሊያየኝ ነዋ! ከሥር ብቅ ስትል... ልጅ የምታክል። ‹ዘሩ ነው የከዳኝ ትል አልነበር? ይኸው ዘሩ። ዘሩ ሳይሆን አንተ ነህ› አለኝ። ገፋሁት።»

«ስትገለብጠው ይተነፍስ ነበር?» አክብሮቱን ትታ ጠየቀችው።

ማሙሽ ወለሉን አየ። «ይተነፍስ ነበር።»

ሚስትየው የበሩን መቃን ይዛ ቆየች። «እኔ ደግሞ በዓሣ ቀናሁ ብዬ ሳፍር ነበር የኖርኩት» አለችና ጀርባዋን ሰጥታቸው ወጣች።

«እውነቱን ንገረኝ፣ ሻምፒዮን» አለ ማሙሽ። «መርጦ ነው አይደል የወሰዳት? ጥሩዋን እሱ፣ ጥራጊውን ለኔ?»

ሻምፒዮን ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ደቃቅ እያሉ ማን ለይቶ ያውቃል፣ ማሙሽ? ግማሹን ሰጥተህ አንዷን በሰፊው ብትለቃት ኖሮ ያንተም ትደርስ ነበር። አንተ አንዲትም እንዳታመልጥህ ፈልገህ ሁሉንም አፈንካቸው።»

ማሙሽ ከመሬት ተነሣ። እጁን አሰሩት።

መኪናው የቆመው ማሙሽ ቤት ደጃፍ ነበር። የታንከሩ ክዳን ተከፍቷል። ሻምፒዮን ሳይጠራ ተከትሏቸው መጥቶ፣ ወንበር ላይ ወጥቶ ወደ ውስጥ አጎነበሰ። ነጭ ጀርባ በጨለማው ውሃ ውስጥ ቀስ ብሎ ሲዞር አየ። ክንዱን ከውሃው በላይ ዘርግቶ ለካ፤ ክንዱ አጠረ። ፊቱ ጠቆር አለ።

«ኢንስፔክተር» አለ ዓይኑን ከውሃው ሳይነቅል፣ የማይመለከተው ሰው ለመምሰል እየጣረ። «ለመሆኑ... ለውድድሩ ማን ያቀርባታል?»

ማሙሽ አንድ እግሩን መኪናው ውስጥ አስገብቶ ነበር። ፖሊሱ ጭንቅላቱን ወደ ታች ተጫነው፤ እሱ ግን አንገቱን አደንድኖ ቆመና መልሱን ጠበቀ።