ሐምሌና ነሐሴ የእኔ ናቸው

«ቢስሚላህ! እህቴ፣ ምን ነካሽ?»

ኢቅራ ከዋጃ ወደ ቆቦ በሚሄደው ሚኒባስ ውስጥ በሂንዲ እያለቀሰች የማይታይ ሰው ትለማመጣለች። ድምጿን ዝቅ ያደረገች መስሏታል እንጂ ሾፌሩ ሳይቀር በመስታወት ያያታል። አጠገቧ የተቀመጠው ወጣት ደግሞ ውኃ ሊረጫት የላስቲክ ጠርሙሱን ከፍቷል።

«ደህና ነኝ! የፊልም ቃል እያጠናሁ ነው።»

«የፊልም?... እኔኮ ጅን መስሎኝ!»

ሁለቱም በሳቅ ፈነዱ። ዒምራን ይባላል፤ የራያ ሽንኩርት ገበሬዎችን የውኃ ፓምፕ ይጠግናል። እሷ ቆቦ ኮሌጅ ውስጥ ሒሳብ ታስተምራለች። ሁለተኛ ዲግሪዋን ህንድ አገር ስትማር በአንድ ፊልም ላይ ትንሽ ሚና ሰጧት፤ ወደዷት። ከዚያ ወዲህ ክረምት በመጣ ቁጥር እዚያው ትተውናለች። የርቀት ተማሪዎቿን ወረቀት ይዛ ትሄድና በቀረጻ መሃል፣ ኩሏን እንኳ ሳታብስ ታርማለች። አንድም ክፍለ ጊዜ ቀርታ አታውቅም።

ተዋደዱ። ዓመት ሳይሞላ ሽማግሌ ተላከ። ኒካሁ ሊታሰር ሳምንት ሲቀረው ግን ጉድ ፈላ። ኢቅራ ቀይ ለብሳ፣ አበባ አጥልቃ፣ ከህንዳዊ ሙሽራ ጋር እንደ ህንዶቹ የሰርግ ወግ እሳት ስትዞር የሚያሳይ ቪዲዮ በየስልኩ ገባ። «ወሬ ሲነግሩህ ሐሳብ ጨምርበት» ይባላል፤ የቆቦ ገበያ ግን የጨመረበት በርበሬ ነው። «ባል አላት!» ተባለ።

ዒምራን ፊቱ አመድ መስሎ መጣ።

«ኢቅራዬ... እውነት ነው እንዴ?»

«ሰውዬው እዚያው ፊልም ላይ ሞቷል። ሲሞትም ላሳይህ?»

«አምንሻለሁ፤ ወላሂ! አጎቴ ግን ትወናውን ትተወው፣ ማስተማሩ ይበቃታል ይላሉ።»

«አንተስ?»

ዝም አለ። ከገበያው ሐሜት ይልቅ የእሱ ዝምታ አመማት።

«ስማኝ፣ እወድሃለሁ! ግን ግማሼን አግብተህ ግማሼን ደጅ የምታስቀር ከሆነ ይቅርብኝ።»

አንገቱን ደፍቶ ሄደ። እስከ ኒካሁ ቀን አልደወለም፤ ቀጠሮውን ግን ማንም አላፈረሰም።

በዕለቱ ሁለት ምስክሮች ሴቶቹ ወዳሉበት ክፍል ገብተው እንደ ወጉ ጠየቋት።

«መህርሽ ምንድን ነው?»

ሁሉም ለጥሎሽ የምትጠይቀውን የወርቅ ብዛት ይጠብቃል።

«አንድ ቀለበት ይበቃኛል። ሸርጥ፣ ቅድመ ሁኔታ ግን አለኝ፤ ሐምሌና ነሐሴ የእኔ ናቸው! ፊልሜን እሠራለሁ፣ መስከረም ላይ ክፍሌ እገባለሁ። ልጅ ብንወልድም እንደዚሁ ነው። አይሆንም ካለ ኒካሁ ይቅር!»

እናቷ አፏን ያዘች። ምስክሮቹ ቃሏን ወደ ወንዶቹና ኒካሁን ወደሚያስሩት ሸኽ ሲያደርሱ ከመጋረጃው ማዶ የዒምራን አጎት ሙሀመድሰይድ ጮኹ።

«ተነስ አንተ! ሴት ሞልቷል!»

ኢቅራ ከመጋረጃው ወዲህ ሰማች። በዚህች ደቂቃ ልታጣው ትችላለች... ቢሆንም ቃሏን አላጠፈችም።

«አብሽሩ አጎቴ፣ ይቀመጡ» አለ ዒምራን። ከዚያ ወደ መጋረጃው ዞረ። «ያን ቀን ዝም ያልኩት ፈርቼ ነው። ሸኽ፣ ሸርጧን ተቀብያለሁ! በወረቀት ይጻፉልኝ፤ ነገ ሰው ሲያሾፍብኝ እኔው ራሴ እንዳልክድ።»

ተጻፈ። ሁለቱም ፈረሙ።

ሐምሌ ሲገባ ዒምራን ሻንጣዋን በትከሻው አድርጎ በገበያው መሃል አልፎ ወደ መናኸሪያ ወሰዳት፤ በጓሮ መንገድ አልሄደም።

«ሚስትህን ወዴት ነው የምትሸኛት?» አሉት ባለ ባጃጆቹ እየሳቁ።

«ወደ ሥራዋ!»