ማነው በር ላይ?

አዳማ ውስጥ አንድ ቤት አለ። በሩ ሰማያዊ ቆርቆሮ ነው።

በሩን ሲመቱት «ኳ! ኳ! ኳ!» ይላል። አባባ ከውስጥ «ማነው?» ይላሉ።

እዚያ ቤት አንዲት ልጅ አለች። ስሟ ማን መሰላችሁ?

ነገሩ የሚወሳሰበው እዚህ ላይ ነው።

እማዬ «ናርዶስ» ትላታለች። «የኔ ሽቶ፣ የኔ ናርዶስ!»

አባባ «አስካለ» ይሏታል። አባባ የእማዬ አባት ናቸው፤ አስካለ ደግሞ የአባባ እናት ስም ነው።

አኮ «ቢፍቱ» ይሏታል። አኮ የአባዬ እናት ናቸው፤ ቤታቸው ከመንገዱ ማዶ ነው። ቢፍቱ በኦሮምኛ የጠዋት ፀሐይ ማለት ነው።

አባዬስ? አባዬ ከሥራ ሲመጣ «ሚጡ! ሚጡዬ!» ይላታል።

ጠዋት ሲሆን ሁሉም ባንዴ ይጠሯታል።

«ናርዶስ፣ ፊትሽን ታጠቢ!» «አስካለ፣ ከዘራዬን አቀብዪኝ!» «ቢፍቱ፣ ነዪ ሳሚኝ!» «ሚጡ፣ ጫማሽ የታል?»

ልጅቷ ወደዚህ ዞረች። ወደዚያ ዞረች። ጫማዋን ለአባባ ሰጠች፤ ከዘራውን እግሯ ላይ ልታጠልቅ ታገለች።

«ታዲያ እኔ ማነኝ?» አለች።

አንድ ቀን ቲቸር ዳግም ጊታር ይዞ ወደ ኬጂ መጣ። ድራምም ይዞ መጣ።

«ልጆች፣ ይህ ዘፈን ከጀርመን አገር የመጣ ነው» አለ። «ዓይነቱ ሮክ ይባላል። ሮክ ቁጭ ተብሎ አይዘፈንም!»

«ዱም ታ! ዱም ዱም ታ!» አለ ድራሙ። «ድዝዝዝዥ!» አለ ጊታሩ።

«በጀርመንኛ ‹እኔ› ማለት ‹ኢሽ› ነው። እስቲ በሉ!»

«ኢሽ! ኢሽ! ኢሽ!» አሉ ልጆቹ።

«ዝንብ የምናባርር መሰልን እኮ!» አለ በረከት። ልጆቹ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። ቲቸር ዳግምም ሳቀ።

ከዚያ ቲቸር ዳግም በአማርኛ ዘፈነው።

«ማነው? ማነው? በር ላይ ማነው?
እኔ ነኝ! እኔ ነኝ! ሌላ ማንም አይደለሁ!
ትንሽ ብሆን፣ ትልቅ ብሆን፣
ብስቅ፣ ባኮርፍ፣ እኔው ነኝ!»

እዚህ ላይ ድራሙ ዝም ይላል። አንድ ልጅ ወደ ፊት ይወጣና ስሙን ጮክ ብሎ ይናገራል።

«እኔ በረከት ነኝ!» ዱም ታ!

«እኔ ሂክማ ነኝ!» ዱም ታ!

የልጅቷ ተራ ደረሰ። አፏን ከፈተች። «እኔ…»

አፏን ዘጋች። ድራሙ ጠበቃት። ጊታሩ ጠበቃት።

«ስምሽ ጠፋሽ እንዴ?» አለች ሂክማ።

«አልጠፋኝም» አለች ልጅቷ። «በዛብኝ።»

«አይዞሽ» አለ ቲቸር ዳግም። «የወላጆች ቀን እስኪደርስ ታገኚዋለሽ።»

የወላጆች ቀን ሁሉም ሰው ይመጣል። መድረክ አለ። ማይክሮፎንም አለ።

እማዬ ፀጉሯን እየሠራችላት «‹እኔ ናርዶስ ነኝ› ነው የምትዪው፣ እሺ?» አለቻት። «የወለድኩሽ እኔ አይደለሁም?»

«እሺ» አለች ልጅቷ።

አኮ ወደ ጆሮዋ ጠጋ አሉ። «ቢፍቱ በዪ። ጎረቤቱን ሁሉ ይዤ ነው የምመጣው፤ እንዳታሳፍሪኝ!»

«እሺ» አለች ልጅቷ።

አባባ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «የእናቴ ስም በማይክሮፎን ሲጠራ ልስማ እስቲ። አስካለ በዪ።»

«እሺ» አለች ልጅቷ።

አባዬ ስልኩን አሳያት። «እኔ ቪዲዮ የምቀርፀው ‹ሚጡ› ስትዪ ብቻ ነው!»

«እ…ሺ» አለች ልጅቷ።

አልጋዋ ላይ ሆና አፏን በጣቷ ነካችው። አፏ አንድ ነው።

«አንዷን ብል ሌሎቹ ያኮርፋሉ» ብላ አሰበች። «ታዲያ እኔ ማነኝ?»

በማግስቱ አንድ ሐሳብ መጣላት። «አንድ በአንድ ልሞክራቸው። ልኬ የሆነውን እወስዳለሁ።»

መጀመሪያ ናርዶስን ሞከረች። እማዬ «ናርዶስ ልብሷን አታቆሽሽም» ትላለች።

ስለዚህ ወንበር ላይ ቁጭ አለች። ኳስ እየተንከባለለ መጣ። አልነካችውም። ኳሱ ሄደ። እግሯ ግን ሊከተለው ፈለገ።

«ናርዶስ ጠበበችኝ» አለች።

ቀጥላ ቢፍቱን ሞከረች። አኮ «ቢፍቱ ሁሌ ትስቃለች» ይላሉ።

ስለዚህ ሳቀች። ቁርስ ላይ ሳቀች። ምሳ ላይ ሳቀች። ጉንጯ አመማት፤ ድመቷም ጥርሷን አይታ ሸሸች።

«ቢፍቱ ደከመችኝ» አለች።

አስካለንም ሞከረች። አባባ «አስካለ አታለቅስም» ይላሉ።

ቀዩ ፊኛዋ «ጧ!» ብሎ ፈነዳ። ልጅቷ ከንፈሯን ነከሰች። አላለቀሰችም፤ ግን እንባው መንገድ ስቶ በአፍንጫዋ ወረደ።

«አስካለ ከበደችኝ» አለች።

ሚጡ ቀረች። አባዬ «ሚጡ ገና ሕፃን ናት» ይላል።

ስለዚህ «ጫማዬን እሰርልኝ» አለችው። አባዬ አሰረላት። ግን በጣም ጠበቀባት፤ እሷ ራሷ ስታስረው እግሯን አያማትም!

«ሚጡ አነሰችኝ» አለች።

አንዷም ልኳ አልሆነችም። ልጅቷ ጭንቅላቷን ያዘች። «ታዲያ እኔ ማነኝ?»

የወላጆች ቀን ነገ ሊሆን፣ ዛሬ ዝናብ ዘነበ።

ልጅቷ ከሂክማና ከሂክማ እናት ጋር ከኬጂ ስትመለስ ሰማያዊውን በር አየች። እጃቸውን ለቃ ሮጠች። ቸብ! ቸብ! ቸብ!

ከዚያ… ዘጭ!

ጭቃ ውስጥ ወደቀች። ቀሚሷ ቡናማ ሆነ። ጉልበቷ ተላጠ።

«እንዴ! ናርዶስ አትቆሽሽም።»

አለቀሰች። «እንዴ! አስካለ አታለቅስም።»

ፊቷን አኮሳተረች። «እንዴ! ቢፍቱ አትኮሳተርም።»

የሂክማ እናት ሳትደርስላት ራሷ ብድግ አለች። «እንዴ! ሚጡ እኮ ሕፃን ናት።»

«ናርዶስ አይደለሁም። አስካለ አይደለሁም። ቢፍቱ አይደለሁም። ሚጡም አይደለሁም። ታዲያ እኔ ማነኝ?»

በሩን መታች። ኳ! ኳ! ኳ!

«ማነው?» አሉ አባባ ከውስጥ።

ልጅቷ አሁን ምን ትበል?

ዝናቡ አንገቷ ውስጥ ገባ። ኳ! ኳ! ኳ!

«ማነው በር ላይ?»

«እ… እ… እንጃ!» አለች ልጅቷ። እንደገናም አለቀሰች።

ቃጭ! በሩ ወዲያው ተከፈተ። አባባ በአንድ እግራቸው ጫማ፣ በሌላው ነጠላ ጫማ አድርገው ቆመዋል።

«ነዪ ግቢ፣ የኔ ልጅ! ዝናቡ መታሽ እኮ!»

ልጅቷ ማልቀሷን አቆመች። «አባባ፣ ስሜን አልነገርኩዎትም። እንዴት አወቁኝ?»

«በድምፅሽ ነዋ!»

«‹እንጃ› ብቻ ነው ያልኩት።»

«‹እንጃ› ብትዪም ድምፅሽ ያው ነው። ብትስቂም ያው ነው። ብታለቅሺም ያው ነው። እንዲህ አድርጎ በሬን የሚመታስ ሌላ ማን አለ?»

አባባ ጉልበቷን በውኃ አጠቡላት። ልጅቷ ቀስ ብላ ጠየቀች። «አባባ… አለቀስኩ እኮ። አስካለ አታለቅስም ብለዋል።»

አባባ ራሳቸውን አከኩ። ጣራውን አዩ። ጉልበቷንም አዩ።

«እናቴ አስካለ ታለቅስ ነበር» አሉ። «ስታለቅስማ ገበያ ድረስ ይሰማ ነበር። እኔ ነኝ የረሳሁት።»

«ታዲያ ነገ የማንን ስም ልበል?»

«እሱን እኔም እንጃ!» አሉ አባባ። ሁለቱም ግራ ተጋብተው ተያዩ።

የወላጆች ቀን ደረሰ። ሰው አዳራሹን ሞላው።

እማዬ ከፊት ተቀመጠች። አባዬ ስልኩን ከፍ አድርጎ ያዘ። አባባ ከዘራቸውን ተደገፉ። አኮ ከነጎረቤታቸው አንድ ሙሉ አግዳሚ ያዙ።

ዱም ታ! ዱም ዱም ታ! ድዝዝዝዥ!

«ማነው? ማነው? በር ላይ ማነው?
እኔ ነኝ! እኔ ነኝ! ሌላ ማንም አይደለሁ!»

«እኔ በረከት ነኝ!» ዱም ታ! «እኔ ሂክማ ነኝ!» ዱም ታ!

ልጅቷ ወደ ፊት ወጣች። ድራሙ ዝም አለ።

እማዬን አየች። የእማዬ ከንፈር «ናር… ናር…» ይላል።

አኮን አየች። የአኮ ከንፈር «ቢፍ… ቢፍ…» ይላል።

አባዬን አየች። የአባዬ ከንፈር «ሚ… ሚ…» ይላል።

«ናር… ቢፍ… ሚ…» አለች ልጅቷ። ከኋላ አንድ ሰው ሳቀ። ፊቷ ጋለ። መሮጥ አማራት።

አባባንስ? አባባ ዓይናቸውን ጨፍነዋል። ልክ በር ሲመታ እንደሚያደርጉት ጆሯቸውን ብቻ ወደ እሷ አዙረዋል።

ልጅቷ ወደ ድራሙ ሄደች። የድራሙን ጎን በእጇ መታችው።

ኳ! ኳ! ኳ!

አዳራሹ ሁሉ ወደ እሷ ዞረ።

«ማነው?» አሉ አባባ ከተቀመጡበት።

ልጅቷ አየር ሳበች። ጉልበቷ ላይ ያለውን ቁስል ነካ አደረገች። ከዚያ በራሷ ድምፅ፣ ገበያ ድረስ በሚሰማ ድምፅ ጮኸች።

«እኔ ነኝ!»

«ግቢ!» አሉ አባባ። «ግቢ፣ አውቀንሻል!»

ሰው ሁሉ ሳቀ። አኮ «እልልልል!» አሉ። ጎረቤቶቻቸውም «እልልልል!» አሉ።

ዱም ታ! ዱም ዱም ታ! ልጅቷ ዘለለች። ሪባኗ ወደቀ። ካልሲዋ ወረደ። ላብ በላብ ሆነች።

እማዬ ካልሲውን አላየችም። ያየችው ልጇን ነው።

ወደ ቤት ሲመለሱ አኮ እጇን ያዙ። «ማን ብለን እንጥራሽ ታዲያ?»

ልጅቷ አሰበች። አንድ ጠጠር መታች። ደግሞ አሰበች።

«በፈለጋችሁት ጥሩኝ። የምመጣው እኔው ነኝ።»

«በቢፍቱም?»

«በቢፍቱም። ግን ቢፍቱ አንዳንዴ ታኮርፋለች።»

«በናርዶስም?» አለች እማዬ።

«በናርዶስም። ግን ናርዶስ ኳስ ትጫወታለች።»

አባዬ ጎንበስ አለ። «በሚጡስ?»

«በሚጡም። ጫማዋን ግን ራሷ ታስራለች።» ልጅቷ ጣቷን አነሳች። «ደግሞ ጠዋት ጠዋት ተራ በተራ ጥሩኝ!»

መሸ። ልጅቷ አልጋዋ ላይ ወጣች። እማዬ አጠገቧ ተቀመጠች።

«ግራ አጋባንሽ፣ አይደል?» አለች እማዬ።

«በጣም።»

«ስም ያወጣንልሽ ስለምንወድሽ ነበር። በኋላ ግን እንደ ገመድ ወዲያና ወዲህ ጎተትንሽ። ጥፋቱ የኛ ነው፤ ይቅርታ የኔ ልጅ።»

ልጅቷ የእማዬን ጣቶች ያዘች። «አሁንም ትንሽ ግራ ይገባኛል።»

«እኔም አንዳንዴ ይገባኛል» አለች እማዬ።

«ትልቅ ሆነሽ?»

«ትልቅ ሆኜ።»

እማዬ መብራቱን አጠፋች። ክፍሉ ጨለመ። ከዚያ ከብርድ ልብሱ ሥር አንድ ድምፅ ተሰማ፤ ትንሽ ጡጫ የአልጋውን እንጨት መታች።

ኳ… ኳ… ኳ…

«ማነው?» አለች እማዬ በቀስታ።

«እኔ ነኝ።»

«ግቢ» አለች እማዬ። እቅፏን ከፈተች።

ልጅቷ ገባች።

እኛም በሩን ቀስ ብለን እንዝጋው። እንቅልፍ ወስዷታል።